አጥንቱ ወይስ ወረቀቱ? የ19ኛው ክፍለ ዘመን የተፈጥሮ ታሪክ ማኅበራት አሠራር

ቅሪተ አካል ተገኘ የሚል ዜና በወጣ ቁጥር ብዙ ሰው የሚጠይቀው «ዕድሜው ስንት ነው?» ብሎ ነው። የሙያው ሰው ግን ቀድሞ የሚጠይቀው ሌላ ነው፤ «ከየት ወጣ? ከየትኛው የአፈር ንብርብር? ሲወጣ ማን መዘገበው?» ድንቅነሽ በሳይንስ መዝገብ የምትታወቀው ኤ.ኤል. 288-1 በሚል ቁጥር ነው። በአፋር 288ኛ ተብሎ የተመዘገበው ቦታ፣ 1ኛው ግኝት ማለት ነው። ቁጥሩ አድራሻዋ ነው።

ይህ አድራሻ የመጻፍ ልማድ በአንድ ቀን አልመጣም። በ19ኛው ክፍለ ዘመን በብሪታኒያ ከተሞች የተቋቋሙ የተፈጥሮ ታሪክ ማኅበራት ለዚህ ልማድ ብዙ ደክመዋል፤ ብዙም ተሳስተዋል። ማኅበራቱን ቢራቢሮ የሚያሳድዱ የሥራ ፈት ጌቶች ስብስብ አድርጎ ማየት የተለመደ ነው። ከፊል እውነት አለው። ግን የዴቨን አውራጃ ሰዎች ቶርኪ በተባለችው የባሕር ዳር ከተማ በአንድ ዋሻ ውስጥ ለ15 ዓመት የሠሩትን ያየ ሰው እንዲህ በቀላሉ አይፈርድም። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

«የተፈጥሮ ታሪክ» ሲባል ምን ማለት ነው?

ቃሉ ያደናግራል። ታሪክ ሲባል ነገሥታትና ጦርነት ይታወሰናል። እዚህ ላይ ግን «መርምሮ መግለጽ» የሚለውን ጥንታዊ የግሪክኛ ትርጉም ይዟል። ዕፅዋትን፣ እንስሳትን፣ ድንጋይንና አፈርን ማየት፣ መሰብሰብ፣ መሰየም ማለት ነው። በዚያ ዘመን ዘርፎቹ ገና አልተለያዩም ነበር። አንድ ማኅበር በአንድ ቀን ጉዞው የወፍ ጎጆ ይቆጥራል፣ የፈረሰ ቤተ ክርስቲያን ይለካል፣ ድንጋይ ይፈልጣል፣ የአገሩን ተረት ከሽማግሌ ይጠይቃል። ዛሬ «የአካባቢ ቅርስ» የምንለው ነገር በእንግሊዝ ብዙውን ጊዜ የተሰበሰበው በእነዚህ ሰዎች እጅ ነው።

ዕድርን ለሚያውቅ አንባቢ አደረጃጀቱ አይከብድም። መዋጮ አለ፣ የተመረጠ ሊቀ መንበርና ጸሐፊ አለ፣ የተጻፈ ደንብ አለ። ልዩነቱ የሚሰበሰቡት ለሐዘን ሳይሆን ለናሙና መሆኑ ነው።

ሁለት ዓይነት ነበሩ። የመጀመሪያዎቹ ቤት ያላቸው ናቸው፤ ሙዚየም፣ ቤተ መጻሕፍትና የንግግር አዳራሽ ይሠራሉ። በ1822 የተመሠረተው የዮርክሺር ፍልስፍና ማኅበር እንዲህ ያለ ነበር። መነሻው በ1821 ከርክዴል በተባለ ቦታ የድንጋይ ፈላጮች ያገኙት ዋሻ ነው። ዋሻው በአጥንት ተሞልቶ ነበር፤ ሠራተኞቹ ግን በበሽታ ያለቁ ከብቶች አጥንት መስሏቸው መንገድ ጠገኑበት። ዊልያም በክላንድ የተባለው የኦክስፎርድ ምሁር መርምሮ የጅብ ዋሻ እንደነበር ገለጸ። ይህን ያረጋገጠው በሕይወት ላለ ጅብ የበሬ ቅልጥም ሰጥቶ፣ የተቆረጠመውን ከዋሻው አጥንት ጋር በማስተያየት ነው። ነጩን የጅብ ኩስም ዋሻው ውስጥ አግኝቶ ነበር፤ ጅብ በሚጮህበት አገር ላደገ ሰው ይህ ብዙ ማስረጃ አይጠይቅም። የዮርክ ሰዎች ግን ያሳሰባቸው አጥንቱ ተበትኖ እንዳይጠፋ ነበርና ማኅበር አቋቋሙ፤ ሙዚየማቸውን በ1830 ከፈቱ።

ሁለተኛው ዓይነት ቤት የሌለው፣ በእግር የሚዞር ማኅበር ነው። ፈር ቀዳጁ በ1831 በእንግሊዝና በስኮትላንድ ወሰን የተመሠረተው የበሪክሺር ማኅበር ነው። ጆርጅ ጆንስተን የተባለ ሐኪም ያቋቋመው ሲሆን ሙዚየም አልሠራም። በዓመት ጥቂት ጊዜ ተገናኝተው ቁርስ በልተው ይወጣሉ፣ ቀኑን ይዞራሉ፣ ማታ በእራት ላይ ያዩትን ያነባሉ፤ የተነበበው ይታተማል። ወጪው ትንሽ ስለነበር ብዙዎች ይህን አሠራር ተከተሉት።

ማን ይገባ ነበር? በምን ገንዘብ?

የትልልቆቹ ማኅበራት የተለመደ መዋጮ በዓመት አንድ ጊኒ፣ ማለትም 21 ሺሊንግ ነበር። በ1860ዎቹ የዴቨን የእርሻ ሠራተኛ የሳምንት ደመወዝ 10 ሺሊንግ እንኳ አይሞላም ነበርና፣ አንድ ጊኒ ለእርሱ የሁለት ሳምንት እንጀራ ነው። ስለዚህ አባላቱ ቄሶች፣ ሐኪሞች፣ ጠበቆች፣ ባንከኞችና የመሬት ባለቤቶች ነበሩ። ሴቶች በብዙዎቹ ሙሉ አባል አይሆኑም ነበር፤ ናሙና በመልቀምና በመሣል ግን ብዙ ሠርተዋል።

ድኾችም የራሳቸው ነበራቸው። በላንክሺር የሸማ ሠሪዎች ማኅበራት እሑድ መጠጥ ቤት ውስጥ ይሰበሰቡ ነበር። እያንዳንዱ ጥቂት ሳንቲም ያዋጣል፤ ገንዘቡ ለጋራ መጽሐፍና ለቢራ ነው። ተክሎቹ ጠረጴዛ ላይ ይከመራሉ፣ ሰብሳቢው አንድ አንዱን እያነሣ የላቲን ስሙን ይጠራል። ሪቻርድ በክስተን የተባለው ጫማ ሠሪ በ1849 የማንችስተርን አካባቢ ዕፅዋት የሚያሳይ መመሪያ እስከ ማሳተም ደርሷል።

ሁለት ነገሮች ሁሉንም ረድተዋል። አንዱ ባቡር ነው፤ ሩቅ ደርሶ በዚያው ቀን መመለስ ተቻለ። ሌላው በ1840 የተጀመረው የአንድ ፔኒ ፖስታ ነው። የደረቀ ቅጠል በፖስታ መላላክ ርካሽ ሲሆን፣ አንዱ የሰየመውን ሌላው ማረም ጀመረ።

ናሙና እንዴት ይያዛል?

ለምሳሌ ተክልን እንውሰድ። ሰብሳቢው በትከሻው የሚያንጠለጥለው የቆርቆሮ ሣጥን አለው፤ እርጥበት ስለሚይዝ ተክሉ እስከ ማታ አይጠወልግም። አበባ ብቻ መቁረጥ ዋጋ የለውም፤ ቅጠሉ፣ ፍሬው፣ ቢቻል ሥሩም መኖር አለበት። ቤት ሲደርስ ውኃ በሚመጥ ወረቀት መካከል ይዘረጋና ክብደት ይጫንበታል። በመጀመሪያዎቹ ቀናት ወረቀቱን በየቀኑ መለወጥ ግድ ነው፤ ሰነፍ ሰው ሲያልፈው ተክሉ ይሻግታል፣ ይጠቁራል። ከደረቀ በኋላ ተባይ እንዳይበላው የሜርኩሪ መርዝ ይቀባል፣ ጠንካራ ወረቀት ላይ ይለጠፋል።

የመጨረሻው ሥራ ትንሽ ይመስላል፤ መለያ ወረቀት መጻፍ። የት፣ መቼ፣ ማን፣ በምን ዓይነት መሬት ላይ። ጀማሪዎች ከሁሉ የሚጨነቁት ስለ ስሙ ነው፤ ዳሩ ግን ስም ከ100 ዓመት በኋላም ይታረማል፣ ተክሉ እዚያው አለና። ቦታው ካልተጻፈ ግን ማንም አይደርስበትም።

ቦታውን በምን ቋንቋ መጻፍ? ይህም ራሱን የቻለ ችግር ነበር። አውራጃዎች አንዱ ሰፊ አንዱ ጠባብ ነው፤ ወሰናቸውም በየዘመኑ ይቀየራል። «በዚህ አውራጃ ይገኛል» የሚል መዝገብ ወሰኑ ሲቀየር ትርጉሙን ያጣል። ሂዊት ዋትሰን የተባለ የዕፅዋት ተመራማሪ በ1852 ታላቋን ብሪታኒያ በማይለወጡ 112 ክፍሎች ከፈላት። አስተዳደሩ ስንት ጊዜ ቢለዋወጥም፣ የዕፅዋት መዝጋቢዎች ዛሬም በእነዚያው ክፍሎች ይጠቀማሉ።

የኬንትስ ዋሻ ክርክር ስለ ምን ነበር?

አሁን ወደ ቶርኪ እንምጣ። ኬንትስ ካቨርን እንደ ሶፍ ዑመር በኖራ ድንጋይ ውስጥ የተቦረቦረ ዋሻ ነው። ከጣሪያው የሚንጠባጠበው ውኃ የሟሟ ኖራ ይዞ ይወርዳል፤ መሬት ላይ ሲደርስ ኖራውን ጥሎ ያልፋል፤ ያ ኖራ ከዘመን ብዛት ይደድራል። ስታላግማይት የሚባለው ይህ ነው። ቶርኪ ላይ በአንዳንድ ቦታ እንደ ሲሚንቶ ወለል ተነጥፏል፤ ከሥሩ ቀይ የዋሻ አፈር አለ።

ከ1825 ጀምሮ ጆን ማክኤነሪ የተባለ የካቶሊክ ቄስ ወለሉን ሰብሮ ቆፈረ። ከሥሩ የማሞዝ (ከምድር የጠፋ ጠጉራም ዝሆን)፣ የአውራሪስና የጅብ አጥንት አገኘ፤ ከአጥንቱ ጋርም ሰው የጠረበው የባልጩት መሣሪያ። ይህ ማለት ሰው ከጠፉት እንስሳት ጋር በአንድ ዘመን ኖሯል ማለት ነው። በዚያ ጊዜ በእንግሊዝ መጽሐፍ ቅዱሶች ኅዳግ ላይ የዓለም መጀመሪያ ከክርስቶስ ልደት በፊት 4004 ዓመት ተብሎ ይታተም ነበር። (የእኛ ዓመተ ዓለም 5500 ይላል፤ ቁጥሩ ቢለያይም የዘመኑ ስፋት ከአንድ ወገን ነው።) በክላንድ የማክኤነሪን ግኝት አልተቀበለውም። የጥንት ብሪታኒያውያን ወለሉን ለምድጃ ሲፈነቅሉት መሣሪያቸው ወደ ታች ወርዶ ይሆናል ሲል አስረዳ።

ማክኤነሪ መልስ ሊሰጥ አልቻለም። መሣሪያው ከየትኛው ጥግ፣ በስንት ጥልቀት፣ ወለሉ ባልተነካበት ቦታ ነው ወይ የሚለውን ለሌላ ሰው ማሳየት በሚቻል መንገድ አልመዘገበም። በ1841 ሞተ፤ ጽሑፉም ሳይታተም ቀረ። ያየው እውነት ነበር፣ ማስረጃው ግን የእርሱ ቃል ብቻ ነበር።

በ1844 የቶርኪ የተፈጥሮ ታሪክ ማኅበር ተመሠረተ። ከአባላቱ አንዱ ዊልያም ፔንጌሊ ነው፤ በ1812 በኮርንዎል ተወልዶ ሒሳብን በራሱ ተምሮ አስተማሪ የሆነ ሰው። በ1858 ከቶርኪ አጠገብ፣ ብሪክስሃም ላይ፣ ድንጋይ ሲፈለጥ ማንም ያልነካው ዋሻ ተከፈተ። ፔንጌሊ ጉድጓድ እየጫረ አጥንት ከመልቀም ይልቅ ንብርብሩን ከላይ ወደ ታች አንድ በአንድ አነሣው። ባልተሰበረ የስታላግማይት ወለል ሥር ባልጩት ወጣ። በክላንድ በ1856 ሞቶ ነበር፤ በሕይወት ቢኖርም የምድጃው ምክንያት እዚህ አይሠራለትም።

ፔንጌሊ በትክክል እንዴት ቆፈረ?

በ1864 የብሪታኒያ የሳይንስ ማኅበር ለኬንትስ ካቨርን ቁፋሮ 100 ፓውንድ ፈቀደ፤ ሥራው በ1865 መጋቢት ተጀምሮ በ1880 ሰኔ አበቃ። አሠራሩ በዝርዝር ሊታይ ይገባዋል።

በመጀመሪያ ከዋሻው ክፍል መግቢያ እስከ ጀርባው አንድ ቀጥ ያለ መነሻ መስመር ይዘረጋል። በዚህ መስመር ላይ በየአንድ ጫማው (30 ሴንቲ ሜትር) ቀጥ ብለው የሚያቋርጡ መስመሮች ይሰመራሉ። ከላይ የወደቁት ቋጥኞች ይነሣሉ፤ ግዙፎቹ በባሩድ ይፈነዳሉ። ጥቁሩ የላይኛው አፈር ይጠረጋል፣ ቀጥሎ የስታላግማይቱ ወለል ይነሣል። ይህ ሁሉ ሲሆን የየንብርብሩ ግኝት ለየብቻ ይቀመጣል።

ከዚያ ቀዩ አፈር ይመጣል። አራት ጫማ ጥልቀት በአራት ደረጃ ይከፈላል፣ እያንዳንዱ ደረጃ አንድ ጫማ። ወደ ጎን ደግሞ በየያርዱ (91 ሴንቲ ሜትር) ይቆረጣል። ስለዚህ ሠራተኛው በአንድ ጊዜ የሚያነሣው ርዝመቱ አንድ ያርድ፣ ወርዱና ጥልቀቱ አንድ አንድ ጫማ የሆነ የአፈር ሣጥን ነው። 85 ሊትር ገደማ ይሆናል፤ ከአራት ባለ 20 ሊትር ጀሪካን ጥቂት ይበልጣል።

አፈሩ ሁለት ጊዜ ይፈተሻል። መጀመሪያ እዚያው በሻማ ብርሃን፣ ቀጥሎ ወደ በሩ ወጥቶ በቀን ብርሃን። ሁለተኛው ፍተሻ ትርፍ ሥራ እንዳይመስላችሁ፤ ጭቃ የለበሰ የአይጥ ጥርስ ወይም የጥፍር ስፋት ያለው የባልጩት ስንጣሪ በሻማ አይታይም። ከአንዱ የአፈር ሣጥን የወጣው ሁሉ አንድ የእንጨት ሣጥን ውስጥ ይገባል፤ ከመስመሩ፣ ከደረጃውና ከያርዱ ቁጥር ጋር። ከሁለት የአፈር ሣጥን የወጣ አጥንት በአንድ ዕቃ መቀላቀል ክልክል ነው። ማታ ወደ ፔንጌሊ ቤት ይሄዳል፣ ይታጠባል፣ ይመዘገባል። እርሱም ወደ ዋሻው በየቀኑ ለማለት በሚቻል ያህል ይመላለስ ነበር፤ ለሳይንስ ማኅበሩም በየዓመቱ ሪፖርት ያቀርባል።

ውጤቱን እንዲህ አስቡት። እህል በጎተራ ሲገባ የየማሳው ተለይቶ ካልተቀመጠ፣ የትኛው ማሳ ነቀዝ እንዳመጣ ማንም አያውቅም። ፔንጌሊ የየማሳውን ለየብቻ አስቀመጠ። ከ80,000 በላይ ግኝት ወጣ፤ ተጠራጣሪው ሰው የፈለገውን አንሥቶ «ይህ ከወለሉ በታች ነው ወይ?» ቢል መልሱ ሣጥኑ ላይ ተጽፏል። ማክኤነሪ ሳያሳትመው የሞተውንም ጽሑፍ ሙሉውን በ1869 ያሳተመው ፔንጌሊ ራሱ ነው።

አንድ ነገር ግን አልተፈታም። ማክኤነሪ በ1826 የባለ ሰይፍ ጥርስ ድመት ጥርሶች አግኝቶ ነበር። ከዚያ ዋሻ መውጣታቸውን የተጠራጠሩ ነበሩ። ፔንጌሊ በ1872 ሐምሌ አንድ ጥርስ፣ አንዲት ብቻ፣ ከቀዩ አፈር አገኘ። ከ15 ዓመት ቁፋሮ አንዲት ጥርስ! የማክኤነሪ ጥርሶች ከየትኛው ንብርብር እንደወጡ ስላልተጻፈ፣ እንስሳው በእርግጥ በዚያ ዘመን እዚያ ኖሮ ነው ወይስ ጥርሱን ሰው ከሌላ ቦታ አምጥቶት ነው የሚለው ክርክር ረጅም ዘመን ቆየ።

የወለሉ ውፍረት ዕድሜ ይነግራል?

ብዙዎች ይነግራል ብለው አስበው ነበር። ዋሻው ውስጥ አንድ ጎብኚ ስታላግማይት ላይ የቀረጸው ጽሑፍ አለ፦ «ሮበርት ሄጅስ ከአየርላንድ፣ ፌብሩዋሪ 20፣ 1688»። ፔንጌሊ ሲመለከተው ከ180 ዓመት ገደማ በኋላ በጽሑፉ ላይ የተጋገረው ኖራ የኢንች 1/20ኛ ያህል ብቻ ነበር። እንግዲህ 5 ጫማ ወለል 60 ኢንች ነው፤ በዚህ ፍጥነት 216,000 ዓመት ይሆናል።

ስሌቱ ያምራል፤ ግን አይሠራም። የኖራ ውኃ ጠብታ እንደ ዝናቡ፣ እንደ ሙቀቱ፣ ከላይ እንደበቀለው ደን ይፈጥናል ይዘገያል፤ በአንድ ዋሻ ውስጥ እንኳ አንዱ ጥግ ሲንጠባጠብ ሌላው ደረቅ ነው። የዚያ የላይኛው ወለል ዕድሜ ዛሬ ከዚህ ቁጥር እጅግ ያነሰ መሆኑ ይታወቃል። ፔንጌሊም ጽሑፉን የጠቀሰው ዘመኑ ከታሰበው እንደሚረዝም ለማሳየት እንጂ ቀን ለመቁረጥ አልነበረም።

ታዲያ ምን ተበላሸ?

ብዙ ነገር። በክፍለ ዘመኑ አጋማሽ ፈርን የተባለውን አበባ የሌለው ተክል መሰብሰብ ፋሽን ሆነ፤ ሰብሳቢዎች ከነሥሩ እየነቀሉ፣ ነጋዴዎች በቅርጫት እየሸጡ፣ ብርቅዬዎቹን ከብዙ ቦታ አጠፏቸው። ማኅበራቱም ጥፋት ነበረባቸው፤ ትክክለኛ ቦታውን በመጽሔታቸው ያትሙ ነበር። ለሳይንስ የሚበጀው አድራሻ ለዘራፊም ይበጃልና፣ በኋላ የብርቅዬ ተክሎችን ቦታ ደብዘዝ አድርጎ መጻፍ ተለመደ።

ወፎች በአርሴኒክ ሳሙና ይጠበቁ ነበር። ተባይ አይነካቸውም፤ ዛሬ ግን እነዚያን የሚነካ ሠራተኛ ጓንት ማጥለቅ አለበት። አንዳንድ ቅሪተ አካል ደግሞ በውስጡ ፓይራይት የተባለ የብረትና የድኝ ውሕድ አለው። ክፍሉ እርጥብ ከሆነ፣ በተለይ የአየሩ እርጥበት ከመቶ 60 ሲያልፍ፣ ፓይራይቱ ወደ አሲድ ይለወጣል፤ ድንጋዩ ቢጫ ዱቄት ሆኖ ይፈርሳል፣ አሲዱም ከሥሩ ያለውን መለያ ወረቀት ይበላል።

ከኬንትስ ካቨርን የወጣውም በአንድ ቤት አልቀረም። ለተለያዩ ሙዚየሞች ተከፋፈለ። ቁጥሩ የተጻፈበት ዛሬም ወደ ቦታው ይመለሳል፤ ቁጥሩ የጠፋው መደርደሪያ የሚያጣብብ አጥንት ነው።

ይህ ሁሉ ዛሬ ምን ይጠቅማል?

የቶርኪ ማኅበር በ1920ዎቹ እንደገና ቆፈረ። በ1927 ሦስት ጥርሶች ያሉበት የሰው የላይኛ መንጋጋ ቁራጭ አገኘ፤ ጥልቀቱ 10 ጫማ ከ6 ኢንች ተብሎ ተጻፈ። በ1989 በራዲዮካርቦን (በአጥንት ውስጥ ከሞት በኋላ ቀስ በቀስ የሚያልቅ የካርቦን ዓይነት) ሲለካ ዕድሜው 35,000 ዓመት ገደማ ወጣ። በኋላ ግን አንድ ነገር ተስተዋለ፤ መንጋጋው እንዳይሰባበር በሙጫ ተጠግኖ ነበር። ሙጫው አዲስ ካርቦን ስላለው የናሙናውን ዕድሜ አሳንሶ ያሳያል፤ ለመጠበቅ የተደረገው ነገር ልኩን አበላሸው።

ከጥርሱ ንጹሕ ናሙና በበቂ መጠን ማውጣት ስላልተቻለ፣ ተመራማሪዎች ወደ ጽሑፉ ዞሩ። በመዝገቡ ከመንጋጋው በላይና በታች የወጡትን የእንስሳት አጥንቶች መርጠው ለኩ፤ መካከል ያለው መንጋጋ በሁለቱ መካከል ዕድሜ ሊኖረው ይገባልና። በ2011 የታተመው ውጤት ከ41,500 እስከ 44,200 ዓመት ነው፤ በሰሜን ምዕራብ አውሮፓ እስከዚያ ጊዜ ከታወቁት የዘመናዊ ሰው ቅሪቶች ቀደምት አደረገው።

ሌሎች ተመራማሪዎች አልተስማሙም። የተቃወሙት የላቦራቶሪውን ሥራ አይደለም። የ1920ዎቹ ቁፋሮ መዝገብ ሻካራ ነው፣ አጥንቶቹ በእርግጥ ከመንጋጋው በላይና በታች ነበሩ ለማለት አያስደፍርም ነው ያሉት። መንጋጋው ዛሬም ቶርኪ ሙዚየም ውስጥ አለ፤ ክርክሩ የቀጠለው በዚያች «10 ጫማ ከ6 ኢንች» በምትለው መስመር ላይ ነው።